ግራፊክስ ካርድን በየጌሙ ልክ ማስተካከል

ባለፈው ክረምት ትምህርት ቤት ሲዘጋ የእህቴ ልጅ ከቢቸና ደብረ ማርቆስ መጥቶ እኔ ዘንድ ሰንብቶ ነበር። ኮምፒውተሩን ከፍቶ ብዙም ሳይቆይ ወደ ጓዳ ብቅ አለና "ጋሼ፣ ኳሱ ተበላሽቷል፤ ተጫዋቾቹ ውኃ ውስጥ የሚሮጡ ይመስላሉ" አለኝ። ሄጄ ባየው እውነቱን ነው። ፔስ 2013 በሚባለው የእግር ኳስ ጌም ላይ አጥቂው እግሩን እየጎተተ ይሮጣል፣ የተመታችው ኳስ አየር ላይ ትዘገያለች፣ በረኛው ለመውደቅ እንኳ ጊዜ ይፈጅበታል። ከሁለት ቀን በፊት እኔው ራሴ የግራፊክስ ካርዱን (ሥዕሉን ሠርቶ ወደ ሞኒተሩ የሚልከውን ክፍል) ማስተካከያ ከፍቼ፣ ጥራት ይጨምራል የተባለውን ነገር ሁሉ ለሁሉም ፕሮግራም በአንድ ጊዜ እስከ መጨረሻው ከፍ አድርጌው ነበር። ይሁንና ያን ዕለት ጥፋቱ የእኔ መሆኑ ፈጽሞ አልታየኝም። በማግሥቱ ካርዱን ነቅዬ፣ በጋዜጣ ጠቅልዬ የገዛሁበት ሱቅ ሄድኩና "የሸጥክልኝ ዕቃ አይሠራም" ብዬ ተጨቃጨቅኩ። ሻጩ አንድም ቃል ሳይመልስልኝ ካርዱን በራሱ ማሽን ላይ ሰክቶ ያለ አንዳች እንከን ሲሠራ አሳየኝ። አፍሬ ተመለስኩ።

ማሽኔ ከአንድ መሥሪያ ቤት ወጥቶ በሁለተኛ እጅ የተሸጠ ዴስክቶፕ ነው። አራተኛ ትውልድ ኮር አይ5 ፕሮሰሰርና 8 ጊጋ ራም አለው። የጨመርኩበት ካርድ ጂቲኤክስ 1050 ቲአይ የሚባለው፣ ኤንቪዲያ በ2016 እ.ኤ.አ. ያወጣው ባለ 4 ጊጋ ካርድ ነው። ይህን የመረጥኩት ከሁሉ የተሻለ ስለሆነ ሳይሆን ቢበዛ 75 ዋት ብቻ ስለሚወስድ ነው። ማዘርቦርዱ ላይ ያለው የካርድ መሰኪያ በራሱ እስከ 75 ዋት ማቅረብ ስለሚችል፣ የእኔ ዓይነቱ ካርድ ከፓወር ሰፕላዩ የሚመጣ ተጨማሪ ገመድ አይጠይቅም፤ የመሥሪያ ቤት ኮምፒውተሮች ፓወር ሰፕላይ ደግሞ ያ ገመድ አብዛኛውን ጊዜ የለውም። እንዲህ ባለ ማሽን ላይ የሚጫወት ሰው ካርዱ ያለውን አቅም የት ማዋል እንዳለበት ለየጌሙ መወሰን ግድ ይሆንበታል።

የኤንቪዲያ ኮንትሮል ፓነል በዴስክቶፑ ባዶ ቦታ ላይ ራይት ክሊክ ሲደረግ ይገኛል። "ማኔጅ ስሪዲ ሴቲንግስ" የሚለው ክፍል ሲከፈት ሁለት ገጾች ጎን ለጎን ይታያሉ። የመጀመሪያው "ግሎባል ሴቲንግስ" ሲሆን እዚያ የተለወጠ ነገር በማሽኑ ላይ ያለውን ጌም ሁሉ፣ አልፎም ተርፎም ካርዱን የሚጠቀም ሌላ ማንኛውንም ፕሮግራም ይነካል። ሁለተኛው "ፕሮግራም ሴቲንግስ" ሲሆን አንድን ጌም ለይቶ መርጦ ለእሱ ብቻ የሚሠራ ማስተካከያ ለመስጠት ያገለግላል። የእኔ ስሕተት የመጀመሪያውን ገጽ እንደ መጨረሻ ማየቴ ነበር። እዚያ ገጽ ላይ "ፓወር ማኔጅመንት ሞድ" የሚለውን ሁልጊዜ በሙሉ ኃይል እንዲሠራ ስላደረግሁት፣ ጌም ሳይከፈት እንኳ፣ ደብዳቤ እየጻፍኩ ሳለ ካርዱ አያርፍም ነበር። የፋኑ ድምፅ ከወትሮው ለምን እንደጨመረ የገባኝ ከብዙ ቀን በኋላ ነው። አሁን ግሎባሉን ገጽ "ሪስቶር" ብዬ ወደ ፋብሪካው ይዞታ መልሼዋለሁ፤ ከዚያ ወዲህም ምንም ነገር ነክቼበት አላውቅም።

በፕሮግራም ገጹ ላይ ጌሙ በዝርዝሩ ውስጥ ከሌለ "አድ" ብሎ የጌሙን ፋይል መፈለግ ያስፈልጋል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ማስተካከያው የሚጣበቀው በጌሙ ስም ሳይሆን በሚሠራው ፋይል፣ ማለትም በኤክስኢው ስም ነው። ብዙ ጌሞች ሁለት ወይም ሦስት እንዲህ ያሉ ፋይሎች አሏቸው፤ አንደኛው መክፈቻ ብቻ ነው፣ ጌሙን ቀስቅሶ ራሱ ይጠፋል፣ ሌላኛው ደግሞ እውነተኛው ጌም ነው። የእህቴ ልጅ ጂቲኤ 5ን ሊያስተካክል ሲሞክር የጨመረው መክፈቻውን ነበርና አንድ ሰዓት ሙሉ ቁጥር ሲለውጥ ዋለ፤ በስክሪኑ ላይ ግን ምንም የተለወጠ ነገር አልነበረም። መፍትሔው ቀላል ነው። ጌሙን ከፍቶ፣ በአልት እና ታብ ወደ ዴስክቶፕ ወጥቶ፣ በታስክ ማኔጀር ላይ ጌሙን ራይት ክሊክ አድርጎ "ጎ ቱ ዲቴይልስ" ሲባል እየሠራ ያለው ፋይል ትክክለኛ ስም ይታያል፤ መጨመር ያለበት እሱ ነው። ሌላው የሚረሳ ነገር ከታች ያለውን "አፕላይ" መጫን ሲሆን፣ እኔም ቢሆን እስከ ዛሬ ድረስ አልፎ አልፎ እረሳዋለሁ።

ወደ ኳሱ ልመለስ። ይህ ጌም በእኔ ማሽን ላይ እንዳየሁት በሰከንድ 60 ፍሬም ማግኘት ይፈልጋል፤ ያን ሲያጣ አንዳንድ ፍሬሞችን ዘሎ በማለፍ ፈንታ ጨዋታውን ራሱን ያዘገየዋል። ስልሳ ፍሬም ማለት ካርዱ እያንዳንዱን ሥዕል ከ16.7 ሚሊ ሰከንድ ባልበለጠ ጊዜ ውስጥ ሠርቶ ማቅረብ አለበት ማለት ነው። እኔ የሥዕሉን ጠርዝ የሚያለሰልሰውን አንቲ አሊያዚንግ የሚባለውን ወደ መጨረሻው ደረጃ ከፍ አድርጌ፣ የጎሉን መረብና የመሰለውን ቀዳዳ ቀዳዳ ነገር የሚያጠራውንም እንዲሁ ጨምሬ፣ በላዩ ላይ ቪሲንክን አስገድጄበት ነበር። ቪሲንክ ካርዱ ሥዕል የሚያቀርብበትን ጊዜ ከሞኒተሩ ጋር ያገጣጥማል፤ ሥዕሉ መሐል ለመሐል ተቆርጦ እንዳይታይ ያደርጋል፤ ዋጋው ግን አለው። በ60 ኸርዝ፣ ማለትም በሰከንድ 60 ጊዜ ሥዕሉን በሚያድስ ሞኒተር ላይ ካርዱ 16.7 ሚሊ ሰከንዷን በጥቂቱ እንኳ ካሳለፈ ቀጣዩን ተራ መጠበቅ ስለሚኖርበት 60 የነበረው በአንድ ጊዜ ወደ 30 ይወርዳል። ጨዋታው በግማሽ ፍጥነት የተጎተተው በዚህ ምክንያት ነበር። አሁን ለዚህ ጌም ብቻ አንቲ አሊያዚንጉን ለጌሙ ምርጫ ትቼ፣ ቪሲንኩን "አዳፕቲቭ" በሚለው ላይ አድርጌዋለሁ። ይህኛው ካርዱ ሲችል ይሠራል፣ ፍሬሙ ከሞኒተሩ ልክ በታች ሲወርድ ደግሞ ራሱን ያጠፋልና ድንገት ወደ ግማሽ መውደቅ ቀረ።

ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ የተባለው ጌም ተቃራኒው ነው። በኮምፒውተር የወጣው በ2005 እ.ኤ.አ. ስለሆነ ለዛሬ ካርድ ምንም ማለት አይደለም፤ ችግሩ ካርዱ ማነሱ ሳይሆን መብዛቱ ነው። በጌሙ ሜኑ ውስጥ "ፍሬም ሊሚተር" የሚል ቁልፍ አለ። ሰው ሁሉ ይህን አጥፍቶ ፍሬም በማብዛት ጌሙን ያሻሻለ ይመስለዋል፤ ነገር ግን የጌሙ የእንቅስቃሴ ስሌት ከፍሬሙ ብዛት ጋር የታሰረ ስለሆነ ሊሚተሩ ሲጠፋ ውኃ ውስጥ መዋኘቱ ይዘገያል፣ መኪናውም እንደቀድሞው አይታዘዝም። ስካይሪም የሚባለው ጌምም እንዲሁ ከ60 ፍሬም በላይ ሲሄድ በጠረጴዛ ላይ ያለ ዕቃ በራሱ ይፈናጠራል። ስለዚህ ለሳን አንድሪያስ ሊሚተሩን አላጠፋም፤ ካርዱ የተረፈውን ጉልበት ግን ጌሙ ራሱ ምርጫ ላልሰጠበት ነገር አውለዋለሁ። አኒሶትሮፒክ ፊልተሪንግን፣ ማለትም ወደ ሩቅ የተዘረጋን ገጽ የሚያጠራውን፣ በድራይቨሩ (ካርዱን በሚያሠራው ሶፍትዌር) በኩል 16 ሳደርገው፣ ከመኪናው ፊት ለፊት ጥቂት ሜትር አልፎ ወደ ግራጫ ጭቃ ይለወጥ የነበረው አስፋልት እስከ አድማሱ ድረስ መስመሩ ተለይቶ መታየት ጀመረ። የእህቴ ልጅ ይህን ሲያይ "ጋሼ፣ መንገዱን አስፋልት አደረግኸው" አለኝ፤ የመንገድ ነገር እኛ አገር ምን ያህል ልብ እንደሚነካ ለሚያውቅ ሰው ትልቅ ምስጋና ነው።

ከሁሉም በላይ ጊዜ የወሰደብኝ ጂቲኤ 5 ነው። በኮምፒውተር የወጣው በ2015 እ.ኤ.አ. ሚያዝያ አካባቢ ሲሆን የግራፊክስ ሜኑው ረጅም ነው፤ ሆኖም ዝርዝሩን በሦስት ከረጢት ከፍሎ ማየት ሥራውን እጅግ ያቀልለዋል። አንደኛው የካርዱን ማስታወሻ፣ ማለትም ቪዲዮ ራሙን የሚበላው ነው፤ ቴክስቸር ዋነኛው ነው። ቴክስቸር ቦታ እስካለው ድረስ ፍጥነትን እምብዛም አይቀንስም፤ ቦታው ሲያልቅ ግን ካርዱ ትርፉን ከዋናው ራም እየጎተተ ስለሚያመጣ ጌሙ በየጥቂቱ ስታክ ያደርጋል። ጂቲኤ 5 ምን ያህል ቪዲዮ ራም እንደተያዘ በሜኑው ውስጥ በመስመር ስለሚያሳይ መገመት አያስፈልግም። ሁለተኛው የካርዱን ጉልበት የሚበላው ነው፤ ጥላ፣ ሣር፣ ኤምኤስኤኤ የተባለው የጠርዝ ማለስለሻ እና ሪዞሉሽን እዚህ ይገባሉ። ሦስተኛው ደግሞ ፕሮሰሰሩን የሚያደክመው ነው፤ በመንገድ ላይ የሚታየው ሰውና መኪና ብዛት፣ ዕቃዎች ከሩቅ የሚታዩበት ርቀት እዚህ ናቸው። ካርዱ ሥራ ፈትቶ ፕሮሰሰሩ ከደከመ ጥላ ቢቀንሱ ምንም ለውጥ አይመጣም፤ ይህን ሳላውቅ ብዙ ምሽት አባክኛለሁ።

ሪዞሉሽንን በተመለከተ ቁጥሩን አስልቶ ማየት ዓይን ይከፍታል። 1920 በ1080 ማለት ለእያንዳንዱ ፍሬም 2,073,600 ነጥብ መቀባት ሲሆን፣ 1366 በ768 ማለት 1,049,088 ነው፤ ግማሽ ገደማ። ቢሆንም ሞኒተሩ 1920 በ1080 ሆኖ ጌሙን ወደ ታች ማውረድ ጽሑፉንና የሩቁን ነገር ሁሉ ስለሚያደበዝዝ እኔ የመጨረሻ አማራጭ አደርገዋለሁ፤ ከእሱ በፊት ኤምኤስኤኤውን ማጥፋትና ሣሩን መቀነስ ይቀድማል። ስለ ሣሩ አንድ የገጠመኝን ልናገር። ሴቲንጉን ሁሉ ከተማው መሐል ቆሜ አስተካክዬ፣ ፍሬሙ 58 እና 60 መካከል ሲመላለስ አይቼ ረክቼ ተኛሁ። በማግሥቱ መኪናውን ይዤ ወደ ገጠሩ ስወጣ፣ ኮረብታው ሥር ሣሩ ውስጥ ስገባ ያው ቁጥር ወደ 30ዎቹ ተንሸራተተ። ሣር ባለበት ብቻ የሚያደክም ሴቲንግ ሣር በሌለበት ቦታ አይፈተንም። አሁን ማንኛውንም ጌም ስሞክር መጀመሪያ የምሄደው ጌሙ ከሁሉ ወደሚከብድበት ቦታ ነው፤ አንድ ጊዜም አንድ መስመር ብቻ እለውጣለሁ። ሌላው ልብ ሊባል የሚገባው ነገር እንዲህ ባለ አዲስ ጌም ላይ አንቲ አሊያዚንግን በድራይቨሩ በኩል ማስገደድ አብዛኛውን ጊዜ እንደማይሠራ ነው፤ ይህ ዘዴ የሚያገለግለው በዳይሬክትኤክስ 9 ዘመን ለተሠሩት ነው፤ ለአዲሶቹ የጌሙን የራሱን ሜኑ መጠቀም ይሻላል።

ካውንተር ስትራይክ የተባለውን የኢንተርኔት ተኩስ ጌም የሚጫወቱ ጓደኞቼ ሁሉን ዝቅ አድርገው፣ ቪሲንኩን አጥፍተው፣ "ሎው ሌተንሲ ሞድ" የሚለውን አብርተው ይጫወታሉ። ለእነሱ የማውሱ ፈጣን መታዘዝ ከመልኩ ይበልጣልና ልክ ናቸው። የማላምንበት ግን ይህ ሁሉ ፒንጉን፣ ማለትም መልእክት ሰርቨር ደርሶ የሚመለስበትን ጊዜ፣ ይቀንሳል የሚለውን ነው። ግራፊክስ ካርዱ የሚያተርፍልን ጥቂት ሚሊ ሰከንድ ሲሆን፣ ጥያቄው ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ ባሕር ማዶ ያለ ሰርቨር ደርሶ እስኪመለስ የሚፈጀውን ጊዜ የትኛውም የካርድ ሴቲንግ አያሳጥረውም።

በእኛ ቤት ከሁሉ ይበልጥ የጠቀመኝ ማስተካከያ ግን ስለ መልክም ስለ ፍጥነትም አይደለም፤ ስለ መብራት ነው። የማስተካክለው ሰዓት ማታ ነው፣ ማታ ደግሞ ሰፈሩ ሁሉ እንጀራ ይጋግራል። የኤሌክትሪክ ምጣድ ሦስት ኪሎ ዋትና ከዚያ በላይ ስለሚስብ፣ የአከራዬ ባለቤት ምጣዳቸውን ሲሰኩ በግቢው ያለው ኃይል ዝቅ ይላል፤ መብራት ሲቋረጥ ኮምፒውተሩን በባትሪ የሚያቆየው ዩፒኤስ ወዲያው ወደ ባትሪ ይዞርና ጢጥ ጢጥ ማለት ይጀምራል። ዩፒኤሱ ላይ 650 ቪኤ የሚል ጽሑፍ ቢኖርም 650 ዋት ይሸከማል ማለት አይደለም፤ የዋቱ ቁጥር ከዚያ ያነሰ ነው፤ ባትሪው ደግሞ አርጅቷል። የገረመኝ ጌሙ ገና ሳይጀመር፣ ሜኑው ላይ ቆሞ ሳለ ካርዱ ሙሉ ኃይሉን ይወስድ እንደነበር ማወቄ ነው። ገደብ ያልተደረገበት ጌም ምንም የማይንቀሳቀስበትን ሜኑ በሰከንድ ብዙ መቶ ጊዜ ደጋግሞ ይስላል፤ ሞኒተሩ የሚያሳየው ግን 60ውን ብቻ ነው። የቀረው ሁሉ ወደ ሙቀትና ወደ ፋን ጩኸት የሚሄድ መብራት ነው።

ኤንቪዲያ በ2020 እ.ኤ.አ. መጀመሪያ በድራይቨሩ ውስጥ የጨመረው "ማክስ ፍሬም ሬት" የሚባል መስመር ለዚህ ፍቱን ነው። ለኳሱ 60፣ ለጂቲኤ 5 50፣ ለቼዝና ለካርታ ደግሞ 30 አድርጌዋለሁ። ከእሱ ጎን ያለው ጌሙ ከኋላ ሲሆን የሚሠራው ገደብም ጥሩ ነው፤ ስልክ ሲመጣ ጌሙን ዝቅ አድርጎ ለሚወጣ ሰው ካርዱን ያሳርፈዋል። ይህን ካደረግሁ ወዲህ ያው ዩፒኤስ በባትሪ ላይ ከስድስት ደቂቃ ወደ አሥራ አንድ ደቂቃ ገደማ መቆየት ችሏል፤ ጨዋታውን ሴቭ አድርጎ በሥርዓት ለመዝጋት ከበቂ በላይ ነው። አንድ ቅዳሜ ማታ የአከራዬ ባለቤት በር ላይ ቆመው "ልጄ፣ ያ የሚጮኸው ነገርህ ዛሬ ምን ነካው?" ሲሉኝ "ዛሬስ ዝም ብሏል እትዬ፣ ጋግሩ" አልኳቸው።

ላፕቶፕ ላላቸው ሰዎች ከዚህ ሁሉ የሚቀድም አንድ ነገር አለ። ብዙ ላፕቶፖች ሁለት ግራፊክስ አላቸው፤ አንዱ ከፕሮሰሰሩ ጋር ያለው ትንሹ፣ ሌላው ለብቻው ያለው ትልቁ ነው። ዊንዶውስ 10 ከ2018 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በሴቲንግስ ውስጥ፣ "ዲስፕሌይ" ከሚለው ሥር "ግራፊክስ" በሚለው ገጽ ላይ የትኛው ጌም በየትኛው እንዲሠራ ለየብቻ ለመምረጥ ያስችላል። የእህቴ ልጅ ላፕቶፕ "ጌም አይችልም" ተብሎ ተፈርዶበት የነበረው ጌሙ በትንሹ ላይ ይሠራ ስለነበር ብቻ ነው። "ሃይ ፐርፎርማንስ" የሚለውን መርጦ፣ ላፕቶፑንም ቻርጀሩ ላይ ሰክቶ ሲሞክረው ሌላ ማሽን ሆነ። የኤኤምዲ ካርድ ያላቸውም በአድሬናሊን ሶፍትዌር ውስጥ "ጌሚንግ" ከሚለው ገጽ ጌሙን መርጠው ይህንኑ ማድረግ ይችላሉ፤ እዚያ ያለው "ራዲዮን ቺል" ፍሬሙን ዝቅተኛና ከፍተኛ ወሰን ስለሚያበጅለት ለመብራት ቁጠባ ከእኛው ይሻላል ባይ ነኝ።

የየጌሙን ሴቲንግ በደብተር የመጻፍ ልማድ የጀመርኩት ተገድጄ ነው። ድራይቨሩን አዲስ ሳደርግ "ክሊን ኢንስታሌሽን" የሚለውን ሳጥን ምልክት አድርጌበት ኖሮ፣ ለወራት ያበጀሁት የፕሮግራም ገጽ ሁሉ ተጠርጎ ወደ መጀመሪያው ተመለሰ። በላዩም ጌሞቹ ለመጀመሪያዎቹ ጥቂት ደቂቃዎች ሃንግ እያደረጉ ሌላ ድንጋጤ ጨመሩብኝ፤ ያ ግን ካርዱ ያከማቸው ሼደር የሚባለው ነገር ከአዲሱ ድራይቨር ጋር እንደገና እስኪዘጋጅ ድረስ ብቻ የሚቆይ ነው፤ ጥቂት ከተጫወቱ በኋላ ራሱ ይተዋል። አሁን ለእያንዳንዱ ጌም አንድ ገጽ አለኝ፤ ከላይ የኤክስኢው ስም፣ ከሥሩ የተለወጠው መስመር ብቻ፣ በጎን ደግሞ ፍሬሙ ከሁሉ የወረደበት ቦታ ተጽፏል።

ክረምቱ አልቆ የእህቴ ልጅ ወደ ቢቸና ሊመለስ ሻንጣውን ሲያዘጋጅ፣ ደብተሩን ገልጦ የጂቲኤ 5ን ገጽ በስልኩ ፎቶ ሊያነሣ ሲል አየሁት። የእሱ ካርድ ባለ 2 ጊጋ መሆኑ ትዝ አለኝና የቴክስቸሩን መስመር በጣቴ ሸፈንኩለት። "ይቺን አንተው ፈልጋት" አልኩት፤ ጣቴ እንዳለበት ፎቶውን አነሣው።